በሁለተኛው ጀልባ የቀሩ ቃላት

የልሳናት መዝገብ ስለ ካሉማ ቋንቋ የያዘው ማስታወሻ እንዲህ ይላል፦

«ካሉማ። ከአውስትሮኔዥያ የቋንቋ ቤተሰብ፣ የፓስፊክ ቅርንጫፍ። የቀሩ ተናጋሪዎች ሁለት። ተናጋሪዎቹ ከመሠረታዊ ቃላት ስልሳ አንዱን ረስተው በአማርኛ ተክተዋቸዋል። ምክንያቱ ዕድሜ፣ ቸልታና ከአስተናጋጁ ሕዝብ ጋር መቀላቀል ነው። በቅርቡ ይጠናቀቃል ተብሎ ይጠበቃል።»

ከሁለቱ ተናጋሪዎች አንዷ የሆኑት ወይዘሮ ሲናላ ደግሞ እንዲህ ይላሉ፦

«አንዲት ቃል አልረሳሁም። ስልሳ አንዱንም አውቃቸዋለሁ፤ እያንዳንዱ ከማን ጋር እንዳለም አውቃለሁ። አልጠፉም፤ አስተኝተናቸው ነው።»

ሁለቱንም የሰማሁት በአንድ ቀን፣ ሚያዝያ ስድስት ቀን ሁለት ሺህ ዘጠና አንድ ነው።

ሥራዬ ምስክርነት ነው። መዝገቡ በሰው አይፈትንም፤ የሚፈትነው ድምፅ ነው። ሰው የሚላከው ፈተናው ሲካሄድ በቦታው ለመገኘትና መጨረሻ ላይ ለመፈረም ነው። በዚያ ዓመት ከጂንካ እስከ ጋምቤላ አሥራ አንድ ቋንቋዎች ላይ ፈርሜአለሁ። ዘጠኙ ተጠናቅቀዋል። «ሞተ» የሚለው ቃል በመዝገቡ ውስጥ የለም።

ደሴት ሰፈር ከአርባ ምንጭ በስተሰሜን፣ አባያ ሐይቅ ዳር ነው። ሁለት መቶ አሥራ ሁለት ሰዎች ይኖሩበታል። ወላጆቻቸው የመጡት ከአርባ ሦስት ዓመት በፊት፣ ካሉማ የምትባለው ደሴታቸው ለሰው መኖሪያነት ባበቃች ጊዜ ነው። ዛሬ ካሉማ በካርታ ላይ የለችም። ማዕበሉ አሸዋውን ጠርጎ ወስዶት፣ መርከቦች እንዳይጋጩበት የሚጠቁም ቀይ ምልክት ብቻ ቀርቷል።

በየቤቱ በር ላይ ከመብራቱ ቆጣሪ ጎን ሌላ ቆጣሪ አለ። ይኼኛው የሚቆጥረው ቃል ነው። እያንዳንዱ ቤት በቀን ሦስት መቶ የካሉማ ቃል ካልተናገረ ቀይ ይበራል። ልጆች ከትምህርት ቤት ሲመለሱ ቦርሳቸውን ሳያወርዱ በሩ ሥር ይቆሙና «ዓሣው ትልቅ ነው፤ መረቡ መልካም ነው፤ ዓሣው ትልቅ ነው» እያሉ በማያውቁት ቋንቋ ይደጋግማሉ። እናቶች ከውስጥ ሆነው «ሞላችሁ?» ብለው ይጠይቃሉ። «አርባ ይቀረናል!» «ሞልታችሁ ግቡ!» ጀሪካን የሚሞሉ ነው የሚመስሉት። ቆጣሪው ግን ለተናጋሪነት አያበቃም። ተናጋሪ የሚባለው ዓመታዊውን ፈተና ከመቶ ሰባ ያገኘ ሰው ነው።

ሕጉ ክፉ ሕግ አይደለም። ያረቀቁትም አገራቸው የሰጠመባቸው ሰዎች ራሳቸው ናቸው። «ሕያው ልሳን ያለው ሕዝብ አብሮ ይኖራል» ይላል። ቢያንስ ሁለት ተናጋሪዎች ካሉ ሰፈሩ አይበተንም፤ አጥማጆቹም የሐይቁን ድርሻ ይዘው ይቆያሉ። ከሁለት ካነሱ ቋንቋው ይጠናቀቃል፤ ቤተሰቦቹም ባዶ ክፍል ወዳለበት ከተማ ሁሉ ይደለደላሉ። እኔ በደረስኩ ጊዜ የቅድሚያ ድልድሉ በአዳራሹ በር ላይ ተለጥፎ ነበር። ለሰፈሩ ኮሚቴ ሰብሳቢ ለወይዘሮ ትርፌ ሰመራ ከተማ ደርሷታል። ለወንድሟ ጎሬ። ለሲናላ አሶሳ። ለሁለተኛው ተናጋሪ ለአቶ ማቶአ ደግሞ ደብረ ብርሃን፣ አረጋውያን ማረፊያ።

«ደብረ ብርሃን ውርጭ አለ ይባላል፤ እውነት ነው?» አሉኝ ማቶአ ገና ሰላም ከማለቴ። ሰማንያ አንድ ዓመታቸው ነው። የካኪ ቁምጣ ለብሰው ከአዳራሹ ፊት ለፊት ካለው ሾላ ሥር አግዳሚ ላይ ተቀምጠዋል።

«አዎ፣ አባባ። ብርድ ነው።»

«ጥሩ። ዓሣ እንዳይበላሽ በረዶ ውስጥ ሲያደርጉ አይቻለሁ። እኔንም እንደዚያው ሊያቆዩኝ ነው።»

ከአጠገባቸው ያሉት ሴት ሲናላ ነበሩ። ሰባ አራት ዓመታቸው ነው፤ ቀጥ ብለው ይቀመጣሉ። ኮሌጅ የተማርኩት የፓስፊክ ደሴቶችን ቋንቋዎች ስለነበር ትንሽ ላስደስታቸው ብዬ በካሉማ ቋንቋ መቁጠር ጀመርኩ።

«ታሲ፣ ሩዋ፣ ቶሉ፣ ፋ...»

ፈገግ አሉ። አምስተኛውንም አልኩት። ያ ቃል በዚያ ሁሉ ውቅያኖስ የታወቀ ነው። ከታይዋን እስከ ሳሞአ፣ ከሐዋይ እስከ ኒው ዚላንድ፣ በሺህ የሚቆጠሩ ዓመታት በታንኳ ተጉዞ እምብዛም ያልተለወጠ፣ እጅንም አምስትንም የሚጠሩበት ቃል ነው። ኮሌጅ ፈተና ላይ የመጣልን የመጀመሪያው ጥያቄ እሱ ነበር።

ሲናላ ተነሡና ሄዱ። አልተቆጡም። ዝናብ እንደጀመረበት ሰው ብቻ ነጠላቸውን ራሳቸው ላይ አድርገው ወደ ሐይቁ ወረዱ።

«ታናሽ እህቷን ጠራህባት» አሉ ማቶአ። ቀልዱ ከድምፃቸው ጠፍቶ ነበር። «አታውቅም፣ ልጄ። ተቀመጥ።»

ነገሩን ያስረዱኝ እሳቸው ናቸው። በካሉማ ሰው ሁሉ ስሙ ቃል ነው፦ ነፋስ፣ በር፣ እጅ፣ ሰሜን። ሰው ሲሞት ቃሉ አብሮት ይተኛል። ዘመዶቹ ለነገሩ ሌላ ቃል ይፈልጉለታል። የተኛው ቃል የሚነቃው ያ ስም ለተወለደ ሕፃን ሲሰጥ ነው፤ ሕፃኑም እትብቱ በካሉማ አሸዋ የተቀበረ መሆን አለበት። በሺህ ዓመት ውስጥ ቃላት እንዲህ ሲተኙና ሲነቁ ኖረዋል። ማንም ተቸግሮ አያውቅም።

«ደሴቲቱን በለቀቅንበት ቀን ሦስት ጀልባ ነበርን» አሉ። «እኔ አንደኛው ላይ ነበርኩ። ሁለተኛው ደሴቲቱን ከከበበው የኮራል አለት መውጫ ላይ ተገለበጠ። ስልሳ አንድ ሰው። በአንድ ጠዋት ስልሳ አንድ ቃል አስተኛን። ምትክ የሚያወጡት ሽማግሌዎችም እዚያው ጀልባ ላይ ነበሩ። ከዚያ እዚህ መጣን። በመጠለያው ነርሷ ኩባያ ይዛ "ውኃ፣ ውኃ" አለችን። ወሰድነው። ኩባያውንም ቃሉንም።»

«ስለዚህ ሲቆጥሩ...»

«ታሲ፣ ሩዋ፣ ቶሉ፣ ፋ፣ አምስት፣ ኦኖ። ልጆቻችን አምስት የካሉማ ቃል ይመስላቸዋል።»

«እርስዎ ግን ባለፈው ሳምንት ዘጠና አንድ አግኝተዋል።»

«እኔ ለእነሱ ባዳ ነኝ። የእኔ ወገን በሰላም ነው የተሻገረው። ባዳ ቃሉን ቢጠራ ነውር የለበትም፤ ሟቹን በዓይኑ ያየ ዘመድ በሌለበት ከሆነ። ለዚህ ነው ብቻዬን የተፈተንኩት።» ወደ ሐይቁ አዩ። «የእሷ ግን እናቷ፣ ታናሽ እህቶቿ፣ ባሏ፣ ልጇ፤ ሁሉም እዚያ ነበሩ። ልጁ ሰባት ዓመቱ ነበር። ውኃ ነው ስሙ።»

በካሉማ ቋንቋ ውኃ የሚባልበትን ቃል አውቀዋለሁ። እዚህ አልጽፈውም።

ፈተናው በሦስት ሰዓት ተጀመረ። አዳራሹ ውስጥ አንድ ወንበርና አንድ ጠረጴዛ አለ፤ ጠረጴዛው ላይ ድምፁ የሚወጣበት ሣጥን ተቀምጧል። ሰዎች ወካይ ይሉታል፤ ሰፈሩን ወክሎ በየጉባኤው የሚናገረው እሱ ስለሆነ። ካሉማን ከመልቀቃቸው በፊት ተመራማሪዎች ከቀዱት ሦስት መቶ ሰዓት ንግግር የተሠራ ነው። የወጣት ሴት ድምፅ ነው፤ አረፍተ ነገር ሲጨርስ ሳቅ ሊል ትንሽ ይቀረዋል።

ሲናላ ተቀመጡ። ድምፁ ሰላምታ ሰጠ፤ እሳቸውም መለሱ። ስለ መረብ ጠየቃቸው፤ ረጅም መልስ ሰጡ። መዝገቡም አረንጓዴ አበራ። ስለ ከዋክብት ጠየቃቸው፤ እኔ ያልገባኝ፣ ድምፁ ግን የገባው ነገር ተናገሩ። ከዚያ የሥዕሎቹ ክፍል መጣ። እጅ ታየ፤ «እጅ» አሉ በአማርኛ። ቀይ። በር ታየ፤ «በር» አሉ። ቀይ። ነፋስ፣ ሰሜን፣ ጥርስ። ቀይ፣ ቀይ፣ ቀይ። በመጨረሻ ድምፁ እውነተኛ ኩባያ እንዳቀርብላቸው አዘዘኝና በዚያ ሊስቅ በሚቃረብ ዜማው ውስጡ ያለው ምን እንደሆነ ጠየቀ። ጥያቄው ውስጥ ቃሉ አለበት። ሲናላ ሁለት ጆሮአቸውን በመዳፋቸው ያዙ።

«ውኃ» አሉ።

አምሳ ስምንት አገኙ።

ሣጥኑ ከተዘጋ በኋላ፣ የሥራ ጥያቄ ባይሆንም ጠየቅኳቸው። «ይህ ድምፅ የማን ነው?»

«የእኔ ነበር» አሉ። «ሃያ አራት ዓመቴ ነበር። አንድ ጸጉረ ቢጫ ልጅ መቅጃ ይዞ መጥቶ ክረምቱን ሙሉ አስለፈለፈኝ።» ሣጥኑን አዩት። «እኔ ነኝ ማለት ግን አይቻልም። ያቺ ልጅ የሞተባት የለም።»

ምስክር አንድ መብት አለው፤ አቤቱታ መጻፍ ይችላል። ጻፍኩ። በአገሬ በከምባታ የእናቴ አያት ከአማታቸው ስም ጋር በአንድ ድምፅ የሚጀምር ቃል በአፋቸው ገብቶ እንደማያውቅ፣ ልማዱም ባሊሻ እንደሚባል፣ የማይናገሩትን ቃል ሁሉ ግን አሳምረው ያውቁ እንደነበር አስረዳሁ። አለመናገር አለማወቅ አይደለም ብዬ ደመደምኩ። ከመላኬ በፊት ለሲናላ አነበብኩላቸው።

«ቅድመ አያትህ ይህን የሚያደርጉት ለሕያው ነው ለሞተ?»

«ለሁለቱም።»

«ረሱ ያላቸው ሰው ነበር?»

«አልነበረም።»

«ዕድለኛ ናቸው» አሉ።

መልሱ በአራት ደቂቃ መጣ። «ስላቀረቡት ማብራሪያ እናመሰግናለን። መመዘኛው የሚለካው የሚታወቀውን ሳይሆን የሚነገረውን ነው። ተፈታኟ ዛሬ በአሥር ሰዓት ሁለተኛና የመጨረሻ ዕድል ተሰጥቷታል።» መልሱ ስድብ የለበትም። እኔ ራሴ እንደዚህ ያለ ሕግ ብጽፍ ከዚህ የተሻለ ዓረፍተ ነገር የማገኝ አይመስለኝም። ያልተነገረን ነገር እንዴት ይለኩታል?

ምሳ ትርፌ ቤት በላን፤ የተጠበሰ ቆሮሶ ዓሣ። ትርፌ የሲናላ የታላቅ እህት ልጅ ናት። እናቷ ሦስተኛው ጀልባ ላይ እሷን አርግዛ ነበር፤ ስሟን ያወጣችላት የመጠለያው ነርስ ናት። በካሉማ ልማድ የእናት እህት እናት ናት። ለዚህ ነው ሲናላን «እማ» የምትላቸው።

«ብዪ እንጂ፣ እማ። ከጠዋት ጀምሮ ሆድሽ ባዶ ነው።»

«ጠግቤአለሁ።»

«በምን? በኩራት?»

ማቶአ አጥንቱን እየለቀሙ፣ «ኩራት አጥንት የለውም፤ እሱስ ይሻላል» አሉ። ማንም አልሳቀም።

ትርፌ እጇን ታጥባ መጣችና ከሲናላ ፊት ለፊት መሬት ላይ ተቀመጠች። «እኔ ስም አውጪልኝ አልኩሽ። ባለፈው ዓመት ለምኜሻለሁ። የልጅሽን ስም ስጪኝና ቃሉ ይንቃ አልኩሽ።»

«እትብትሽ የት ነው የተቀበረው?»

«አላውቅም። ሆስፒታል ጥለውት ይሆናል።»

«እንግዲህ።»

«አሸዋው የለም፣ እማ! አሸዋው ከሌለ ማንም መቼም አይነቃም። ታውቂዋለሽ።»

«አውቃለሁ።»

«ሣጥኑ በየቀኑ ይጠራዋል። በየከተማው ለሚጠይቀው ሁሉ፣ ለትምህርት ቤት ልጅ፣ ለጎብኚ፣ በአንቺው ድምፅ ይጠራዋል። ዛሬ ብትጠናቀቂም ባትጠናቀቂም መጥራቱን አይተውም። ከዓለም ሁሉ የማትጠሪው አንቺ ብቻ ነሽ።»

«እናቱ እኔ ብቻ ነኛ።»

ትርፌ ተነሣች። መስኮቱ ጋ ሄዳ ጀርባዋን ሰጥታን ቆመች። ከውጭ አንድ ልጅ በሩ ሥር ቆሞ ዓሣው ትልቅ ነው ይላል። «እኔስ?» አለች ወደ እኛ ሳትዞር። «ከእናቴ በኋላ ማን አሳደገኝ? ወንድሜ ጎሬ፣ እኔ ሰመራ፣ የእሱ ልጆች እኔን ሳያውቁኝ ሊያድጉ ነው። ሁለት መቶ አሥር ሰው ደጁ ላይ ተሰብስቦ አፍሽን ያያል። ስልሳ አንድ ሰው ሞቷል፤ አዝናለሁ፣ አላየኋቸውም። እኛ ግን እዚህ ነን። ምሳ እየበላን።»

ሲናላ እኔ ወዳልጠበቅሁት ሰው ዞሩ።

«ማቶአ፣ ለባዳ ይፈቀዳል አይደል?»

ማቶአ የያዙትን አጥንት ሳህኑ ላይ አስቀመጡ። «ተይ።»

«ጠየቅኩህ።»

«ተይ ብያለሁ፣ ሲናላ። ያንን ያደረገ ሰው አላየሁም። ከአባቴ የሰማሁት አንዲት ሴት ናት፤ እሷም ወንድሟን ስትረግም ነው።»

ምን እንደሚሉ ጠየቅኩ። ማቶአ ሊመልሱልኝ አልፈለጉም፤ ትርፌም አታውቀውም ነበር። በመጨረሻ ማቶአ ፊታቸውን ከእኔ መልሰው በአጭሩ ነገሩኝ። ቃሉን ባዳ ሊጠራው ይችላል። ዘመድ ባዳ የሚሆንበት አንድ መንገድ አለ፤ ቆሞ፣ ሰው በተሰበሰበበት፣ ሟቹ የእኔ አይደለም ብሎ መናገር። ከዚያ በኋላ መመለስ የለም። ሟቹን በስሙ አያነሣም፣ አያለቅስለትም፤ ሲሞትም ከእሱ ወገን አይቆጠርም።

ትርፌ ከመስኮቱ ዞረች። «እማ፣ እንደዚያ አላልኩም» አለች። «እንደዚያ አድርጊ አላልኩም።»

«ምን ብለሽ ነበር ታዲያ?»

ትርፌ ሳህኖቹን አነሣሣች።

አሥር ሰዓት ሊሆን ሩብ ጉዳይ ሲል ሲናላ ብቻቸውን ወደ ሐይቁ ወረዱ። ቡናማው ውኃ እግራቸውን እስኪነካ ሄዱ። አዞ ስላለ ሰው ከዚያ አያልፍም። ከሩቅ ሆኜ አየኋቸው። ጎንበስ ብለው በመዳፋቸው ቀዱና ጥቂት ይዘውት ቆዩ፤ ከንፈራቸው አልተንቀሳቀሰም። ከዚያ አፈሰሱት፤ እጃቸውንም በቀሚሳቸው ጠረጉ።

አዳራሹ ሞልቶ ነበር። ልጆች በመስኮት ተንጠልጥለዋል። ማቶአ በሩ ጋ ቆመዋል፤ ሊወጡ ፈልገው ይሁን ሊቀሩ አላወቅኩም። ሕጉ እንደሚያዘው ውጤቱ ጸንቶ የሚቆየው ለአንድ ዓመት መሆኑን ጮክ ብዬ አነበብኩ። በሚመጣው ሚያዝያ ሲናላ ሰባ አምስት፣ ማቶአ ሰማንያ ሁለት ይሆናቸዋል። ይህን የሰማ ሁሉ በልቡ ሲያሰላ ያስታውቃል።

ሣጥኑን ከፈትኩ። ወጣቷ ድምፅ ሰላምታ ሰጠች።

ሲናላ አልተቀመጡም። ወንበሩን ወደ ኋላ ገፍተው ቆሙ፤ ለሣጥኑ ሳይሆን ለሰዉ ዞሩ። በካሉማ ቋንቋ ተናገሩ፤ ቀስ ብለው፣ ጥርት አድርገው። ከስልሳ አንዱ ቃላት አንዱም በውስጡ አልነበረም። አዳራሹን የሞላው ሰው አንድም ቃል አልገባውም። ማቶአ ግን ግንባራቸውን ግድግዳው ላይ አሳረፉ። መዝገቡ የሰማውን መዘነና አረንጓዴ አበራ፤ ዓረፍተ ነገሩ እንከን አልተገኘበትም።

«ደግመው ሊነግሩን ይችላሉ?» አልኩ። «ምስክሩ ሊገባው ይገባል። ሕጉ ነው።»

ትርፌ «አትበይ» አለች። ድምጿ ከአዳራሹ ኋላ ነው የመጣው።

ሲናላ እሷን አይተው በአማርኛ ደገሙት።

«እኔ ሲናላ፣ በሁለተኛው ጀልባ ላይ ሰው የለኝም። እናት አልነበረኝም፤ እህት አልነበረኝም። ልጅ አልወለድኩም። ለስልሳ አንዱም ባዳ ነኝ።» ወንበሩን ሳቡና ተቀመጡ። «አሁን ኩባያውን አምጣው። ሣጥኑም የሚጠይቀኝን ይጠይቀኝ፤ ሁሉንም እላለሁ።»